ዶሮ ሲጮህ የሚነገር ታሪክ
ማሩኖችና የዘጋቢ ፊልም ካሜራ

በደቡብ አሜሪካ ሰሜናዊ ጠረፍ ሱሪናም የምትባል አገር አለች። በዚህች አገር ጥቅጥቅ ደን ውስጥ፣ በወንዝ ዳር በተቆረቆሩ መንደሮች፣ ሳማካ የሚባል ሕዝብ ይኖራል። የሳማካዎች ቅድመ አያቶች ከአፍሪካ በመርከብ ተጭነው የመጡ፣ ከባርነት እርሻ አምልጠው ጫካ የገቡ ናቸው። ያንን የሽሽትና የጦርነት ዘመን ልጆቻቸው «የመጀመሪያው ዘመን» ይሉታል። ወሬው ግን እንደ ተራ ተረት ከእራት በኋላ እሳት ዳር አይወራም። አዛውንቱ ገና ጎሕ ሳይቀድ፣ ዶሮ ሲጮህ፣ ይገባዋል ያሉትን ወጣት ወደ ጎጇቸው አስጠርተው ጥቂት ይነግሩታል። ሌላ ቀን ደግሞ ጥቂት። የሚያውቁትን ሁሉ ለአንድ ሰው፣ በአንድ ጊዜ አይዘረግፉለትም። ለምን ቢባል፣ ያ እውቀት ለእነርሱ የጨዋታ ማጣፈጫ አይደለም። ያ የባርነት ዘመን ተመልሶ የመጣ እንደሆነ የሚያድን መሣሪያ ነው። መሣሪያውን ደግሞ መንገደኛ ሁሉ በሚያይበት ቦታ የሚሰቅል ሰው የለም።

እንግዲህ እንዲህ ካለ ሕዝብ ዘንድ ካሜራ የተሸከመ እንግዳ ቢመጣና «ታሪካችሁን ንገሩኝ፣ ዓለም ይስማው» ቢል ምን ይባላል? በሌላ በኩል አዛውንቱ ሳይናገሩ ቢሞቱ፣ ወጣቱም ሥራ ፍለጋ ወደ ከተማ ቢሄድና ዶሮ ሲጮህ የሚቀሰቀስ ልጅ ቢጠፋ ታሪኩ ወዴት ይሄዳል? በዚህ ጽሑፍ ልናነሳ ያሰብነው ይህንኑ ነው። (ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢ ልብ ይበልልን።)

ማሩኖች እነማን ናቸው?

ማሩን የሚለው ቃል የመጣው፣ ስፓኞች ከበረት አምልጦ ጫካ ለገባ ከብት ይሰጡት ከነበረው «ሲማሮን» ከሚለው ስም ነው። ባሪያ አሳዳሪዎች ያመለጠውን ሰው ከጠፋ ከብት ለይተው አላዩትምና በዚያው ስም ጠሩት። ዛሬ ግን የእነዚያ ሰዎች ልጆች ስሙን በኩራት ይጠሩበታል።

ሽሽቱ የጀመረው ባርነቱ ከጀመረበት ቀን አንሥቶ ነው ማለት ይቻላል። በ1521 ማብቂያ ላይ (1522 የሚሉም አሉ) ሂስፓኒዮላ በምትባለው ደሴት፣ በራሱ በኮሎምቦስ ልጅ የሸንኮራ እርሻ ውስጥ ባሪያዎች ተነሡ። ከፊት የነበሩት ዎሎፎች ናቸው። ዎሎፎች ዛሬ ሴኔጋልና ጋምቢያ ከምንላቸው አገሮች የተወሰዱ ሲሆኑ በዘመኑ ከመካከላቸው ብዙ ሙስሊሞች ነበሩ። የስፓኝ መንግሥትም በ1526 ዎሎፎችን ወደ አዲሱ ዓለም ማስገባትን የሚከለክል ትእዛዝ አወጣ። ትእዛዙ ሰዎቹን ምን ያህል እንደፈሯቸው ይናገራል።

ከዚያ በኋላ ባሪያ በታረሰበት አገር ሁሉ ማሩን አለ። በብራዚል ፓልማሬስ የተባለው የአምላጮች አገር አንድ ክፍለ ዘመን ያህል ከቆየ በኋላ በ1694 ፈረሰ። መሪው ዙምቢም ኅዳር ወር በ1695 ተገደለ። በኮሎምቢያ ሳን ባሲሊዮ ዴ ፓሌንኬ የምትባለው መንደር እስከ ዛሬ የራሷን ቋንቋ ትናገራለች። በጃማይካ እንግሊዞች ደሴቲቱን በ1655 ከስፓኝ እጅ ሲነጥቁ በግርግሩ ወደ ተራራ የወጡ አፍሪካውያን ከኋላ እያመለጡ በመጡት እየተጠናከሩ አሥርት ዓመታት ተዋጉ። በመጨረሻም እንግሊዝ ማሸነፍ ቢያቅታት በ1739 ከኩጆ ጋር፣ ቀጥሎም ከምሥራቁ ተራራ ማሩኖች ጋር ውል ተዋዋለች። በሱሪናም ደግሞ ሆላንዶች ከንጁካዎች ጋር በ1760፣ ከሳማካዎች ጋር በ1762፣ ከማታዋዮች ጋር በ1767 ተዋዋሉ። ልብ እንበል፤ ጃማይካ ላይ ባርነት የቀረው በ1830ዎቹ፣ ሱሪናም ላይ በ1863 ነው። እነዚህ ሰዎች ከዚያ 100 ዓመት ያህል ቀድመው ነፃነታቸውን በፊርማ አረጋግጠው ነበር ማለት ነው።

ሌላ ሰው የያዘው እርሳስ፣ ሌላ ሰው የያዘው ካሜራ

ስለ ማሩኖች በአውሮፓ ብዙ የተወራለት መጽሐፍ የታተመው በ1796 ነው። ደራሲው ጆን ስቴድማን በሱሪናም የቦኒን ማሩኖች ሊወጋ የዘመተ ወታደር ነበር። ለመጽሐፉ ከተሠሩት ሥዕሎች ጥቂቱን የቀረጸው ዊልያም ብሌክ የተባለው የእንግሊዝ ባለቅኔና ሠዓሊ ሲሆን፣ ብሌክ ሱሪናምን በዓይኑ አላያትም። እንግዲህ አስቡት። ጠመንጃ ይዞ የመጣ ሰው የሣለውን፣ አገሩን ያላየ ሰው ቀርጾት፣ አውሮፓ ማሩንን በዚያ አወቀ። በሥዕሎቹ ላይ ያለው ግፍ እውነት ነው፤ ባርነትን የሚቃወሙ ሰዎችም ተጠቅመውባቸዋል። ቢሆንም በዚያ ሁሉ ገጽ ውስጥ ማሩኑ ራሱ ስለ ራሱ የሚናገርበት ቦታ እምብዛም ነው።

ካሜራው የመጣው በኋላ ነው። ሜልቪል ኸርስኮቪትስና ባለቤቱ ፍራንሲስ የተባሉ አሜሪካውያን በ1928 እና በ1929 ወደ ሱሪናም ደን ዘልቀው ሳማካዎችን አጠኑ፣ ፊልምም ቀረጹ። በ1930ዎቹ ደግሞ ካትሪን ዳንሃምና ዞራ ኒል ኸርስተን የተባሉ ሁለት ጥቁር አሜሪካውያት በተለያየ ጊዜ ወደ ጃማይካ ሄደው አኮምፖንግ በምትባለው የማሩን መንደር ተቀምጠዋል። ሁለቱም ያዩትን በመጽሐፍ አትመዋል።

የእነዚህን ሰዎች ድካም ማቃለል አይገባንም። እነርሱ ባይሄዱ ኖሮ የጠፋ ስንት ነገር አለ! ነገር ግን አንድ ጉድለት ነበረው፤ የተቀረጸው ነገር ከመንደሩ ይወጣል እንጂ ተመልሶ አይገባም። ፊልሙ የሚቀመጠው ባሕር ማዶ ባለ ቤተ መዛግብት ነው። የአያቱን ጭፈራ ማየት የፈለገ የሳማካ ልጅ ቪዛ ጠይቆ፣ ባሕር ተሻግሮ፣ ፈቃድ ሞልቶ ነው። የአያቱ ፊት ያለው በእንግዳ ሣጥን ውስጥ ነው፤ ቁልፉም በእንግዳ እጅ።

የናኒ ፊት

ይህን ለመለወጥ ከተነሡት መካከል ሮይ አንደርሰን የሚባል የጃማይካ ተወላጅ ይገኝበታል። ሥራው የሚገርም ነው። ለሆሊውድ ፊልሞች ከፎቅ የሚወድቅ፣ ከመኪና የሚገለበጥ፣ ታዋቂውን ተዋናይ ተክቶ አደጋውን የሚቀበል ሰው ነበር። ቤተሰቡ ከማሩኖች የሚወለድ በመሆኑ ከዕለታት አንድ ቀን ካሜራውን ወደ ራሱ ዘር አዞረና በ2012 «አክዋንቱ» የተባለውን ዘጋቢ ፊልም አወጣ። አክዋንቱ በጋና አካን ሕዝብ ቋንቋ ጉዞ ማለት ነው። ስሙን ከአካን መውሰዱ ያለ ምክንያት አይደለም፤ የጃማይካ ማሩኖች በሥርዓታቸው ላይ የሚጠቀሙበት ክሮማንቲ የሚባለው ንግግር ብዙ ቃሉን ያገኘው ከዚያው ሕዝብ ነው። ይኸው ሰው በ2015 ደግሞ ስለ ናኒ ሌላ ፊልም ሠራ።

ናኒ የምሥራቁ ተራራ ማሩኖች መሪ የነበረች ሴት ናት። በጃማይካ ብሔራዊ ጀግኖች ዝርዝር ውስጥ ያለች ብቸኛዋ ሴት እርሷ ስትሆን ይህ ክብር የተሰጣት በ1970ዎቹ አጋማሽ ነው። በ1994 በወጣው የ500 ዶላር የጃማይካ ብር ላይም ምስሏ አለ። ይሁንና ያ ምስል ከሠዓሊው ሐሳብ የመጣ ነው። በሕይወት ሳለች ማንም አልሣላትም። እንግሊዞች ስለ እርሷ የጻፉት እጅግ ጥቂት ነው፤ ከሁሉ የሚጨበጠው በ1740 ለእርሷና ለሕዝቧ 500 ኤከር መሬት የተሰጠበት ሰነድ ነው። ስለ ቀረው ሁሉ የሚናገረው የሙር ታውን መንደር ሰው ነው። እናቶች ለሴቶች ልጆቻቸው፣ አጎቶች ለወንድሞቻቸው ልጆች ሲነግሩ የኖሩት ነው።

የታሪክ ምሁር በዚህ ቦታ ይቸገራል፤ ፊልም ሠሪ ደግሞ ከእርሱ የበለጠ ይቸገራል። ምሁሩ «ሰነድ የለም» ብሎ ማለፍ ይችላል። ካሜራ ግን ባዶ ቦታ አይወድም፤ አንድ ነገር ማሳየት አለበት። ስለዚህ ብዙ ዘጋቢ ፊልሞች ተዋናይ አልብሰው ያለፈውን ያስመስላሉ። እኛ በበኩላችን ይህን ነገር በጥንቃቄ ነው የምናየው። ተመልካቹ፣ ይልቁንም ሕፃኑ፣ አንዴ የተዋናይዋን ፊት ካየ ናኒ ያቺ ናት ብሎ ያድራል። ከዚያ በኋላ አያቱ የምትነግረው ናኒ ቦታ ታጣለች። በእኛ ግምት የማሩን ፊልሞች ከሁሉ የሚበረቱት አንዲት አሮጊት ደጃፏ ላይ ተቀምጣ «እናቴ እንዲህ ብላኛለች፣ እናቷም እንዲህ ብላታለች» ስትል ነው።

መድረሳ የተማረ አንባቢ ይህን ነገር ቶሎ ይረዳዋል። እኛ ሐዲስ ስንቀራ ከንግግሩ በፊት ሰነዱን፣ ማለትም እገሌ ከእገሌ ሰምቶ የሚለውን ሰንሰለት ነው የምንሰማው። የሰንሰለቱ አንድ ቀለበት ከተጠራጠረ ንግግሩም ይጠረጠራል። ማሩኖች እንደ ሐዲስ ሊቃውንት የአስተላላፊዎችን ታሪክ በመጽሐፍ አልመዘገቡም፤ ነገር ግን ከማን እንደሰማ የማይናገር ሰው በእነርሱም ዘንድ አይታመንም። የፊልም ቆራጭ ጊዜ ለመቆጠብ ብሎ «እናቴ እንዲህ ብላኛለች» የሚለውን ቆርጦ ቢጥል ምን እንደቆረጠ ሊገባው ይገባል።

ከናኒ ሳንወጣ አንድ ነገር እንጨምር። ሙር ታውን ውስጥ አቤንግ የሚባል የላም ቀንድ አለ። የሚነፋው ከጎኑ ነው። ጫፉ ላይ ያለችውን ቀዳዳ ነፊው በአውራ ጣቱ እየከፈተና እየዘጋ ድምፁን ከፍ ዝቅ ያደርጋል፤ በዚህም ቃላት ይናገራል። በጦርነቱ ዘመን የእንግሊዝ ጦር ከሸለቆ ሲነሣ ወሬው በቀንድ ከተራራ ተራራ ይሄድ ነበር። ይህ ነገር በጽሑፍ ቢተረክ የማይገባ ነው፤ በፎቶግራፍም አይያዝም። የተቀረጸ ድምፅና የሚንቀሳቀስ ምስል አንድ ላይ ካልሆኑ አውራ ጣቱ የምትሠራውን ለልጅ ልጅ ማሳየት አይቻልም። የሙር ታውን ማሩኖች ቅርስ በ2003 በዩኔስኮ ከሰው ልጅ ድንቅ የቃል ቅርሶች አንዱ ተብሎ ታውጇል፤ በ2008ም ወደ ዓለም አቀፉ መዝገብ ተሻግሯል። ከዚያው ጋር የኮሎምቢያዋ ፓሌንኬም ተመዝግባለች። በፓሌንኬ ወጣቶች ራሳቸው ካሜራ ይዘው «ኩቻ ሱቶ» የሚል ቡድን አቋቁመዋል፤ በቋንቋቸው «ስሙን» ማለት ነው።

«ድንጋዮች ሕግ አላቸው»

ወደ ሱሪናም እንመለስ። በ2018 አንድ ለየት ያለ ፊልም ወጣ። ስሙ በሳማካ ቋንቋ «ዴ ሲቶኑ ኣ ዌቲ» ሲሆን ድንጋዮች ሕግ አላቸው እንደማለት ነው። የሠሩት ሦስት ሰዎች ናቸው፤ ሎኒ ቫን ብሩመለንና ሲብረን ደ ሃን የተባሉ ሆላንዳውያን፣ እንዲሁም ቶሊን አሌክሳንደር የተባለ የሱሪናም ማሩን የቲያትር ሰው።

የሆላንድ ሰው ሱሪናም ሄዶ ስለ ማሩን ፊልም ሲሠራ የሚነሣው ጥርጣሬ ግልጽ ነው፤ የሸሹት ከማን ሆነና! እነዚህ ሰዎች የወሰዱት መንገድ ግን ትምህርት አለው። በማሩን አገር ከባድ ነገር የሚወሰነው ክሩቱ በሚባል ሸንጎ ነው። ሽማግሌዎችና የመንደር ካፒቴኖች ተቀምጠው፣ ተራ ጠብቀው፣ አንዳንዴ ለቀናት ይነጋገራሉ። ችኩል ሰው እዚያ ቦታ የለውም። ፊልም ሠሪዎቹም ሐሳባቸውን ለማኅበረሰቡ አቀረቡ፤ ምን እንደሚነገርና እንዴት እንደሚነገር አብረው መከሩበት። ስክሪፕቱ አምስተርዳም ተጽፎ የመጣ ሳይሆን ከመንደሩ ሰዎች ጋር በንግግር የተሠራ ነው። በፊልሙ ላይ የመንደሩ ሰዎች ቆመው ወይም ተቀምጠው የአባቶቻቸውን ሽሽት፣ ጫካው እንዴት እንደተቀበላቸው፣ ከዛፉና ከወንዙ ጋር እንዴት እንደሚኖሩ ራሳቸው ያቀርባሉ። ይህ ድርጊት የተጠና መሆኑን አይደብቁም። በእኛ አስተያየት ይህ ከስውር ካሜራ የበለጠ ሐቀኝነት አለው። ሰውየው እያወቀ፣ ፈቅዶ፣ ቃሉን መርጦ ነው የሚናገረው።

ስለ አነጋገራቸውም ካነሣን፣ በሱሪናም ማሩኖች ዘንድ ትልቅ ሰው በሸንጎ ሲናገር ብቻውን አይናገርም። አጠገቡ ፒኪማን የሚባል መላሽ ይቀመጣል። ተናጋሪው አንድ ሐረግ ብሎ ትንፋሽ ሲወስድ መላሹ «እንዲሁ ነው»፣ «እውነት ነው» እያለ ይቀበለዋል። ያለ መላሽ የተነገረ ነገር ሥርዓት እንደጎደለው ይቆጠራል። አሁን ይህንን ንግግር ለቴሌቪዥን የሚቆርጥ ሰው አስቡ። ለእርሱ መላሹ የሚደጋግም፣ ጊዜ የሚበላ፣ ድምፅ የሚያበላሽ ሰው ነው። ቆርጦ ያወጣዋል። አዛውንቱ ብቻቸውን፣ ለማንም፣ ወደ ባዶ ቦታ ሲናገሩ ይቀራሉ። ተመልካቹ ምንም አይጎድለውም፤ ሳማካው ግን ወዲያው ያውቀዋል።

ሌላም አለ። ቤን ራስል የተባለ አሜሪካዊ በ2009 በዚያው በሱሪናም በሠራው ፊልም ሁለት ወንድማማቾች ሲጓዙ በ13 ረጃጅም ቀረጻዎች ብቻ ይከተላቸዋል፤ እያንዳንዱ ቀረጻ 10 ደቂቃ ያህል ነው። ትርጓሜ የለም፣ ተራኪ የለም። የፊልም ሰዎች አድንቀውታል። እኛ እንደ አስተማሪነታችን ስናየው ግን ለውጭ ተመልካች የመንገዱን ርዝመት ያሳያል እንጂ ልጅ አያቱን የሚያውቅበት አይነት አይደለም።

ውሃ የዋጣቸው መንደሮች

አንባቢ «ይህ ሁሉ የቅርስ ጉዳይ ነው፤ ሕይወትን የሚነካው የቱ ላይ ነው?» ይል ይሆናል።

በ1958 የሱሪናም መንግሥት አልኮዋ ከተባለው የአሜሪካ የአልሙኒየም ኩባንያ ጋር ተስማምቶ አፎባካ ላይ ግድብ ተሠራ። ዓላማው ለአልሙኒየም ማቅለጫ ኤሌክትሪክ ማመንጨት ነበር። በ1964 ግድቡ ሲዘጋ ውሃው ወደ ኋላ ተንጣለለና ከ1500 ካሬ ኪሎ ሜትር በላይ የሆነ ሐይቅ ሆነ። ከሥሩ የቀረው የሳማካዎች አገር ነው። ወደ 6000 የሚጠጉ ሰዎች ቤታቸውን፣ እርሻቸውን፣ የአባቶቻቸውን መቃብር ትተው ወጡ። የ1762ቱ ውል ከሰጣቸው መሬት ትልቁ ክፍል ከውሃ በታች ሆነ።

እዚህ ላይ የሚያሳዝን ነገር አለ። ውሃው እየሞላ ሳለ ከውጭ አገር የመጣ የእንስሳት ተከራካሪ ማኅበር በጀልባ እየዞረ ከውሃው የሚሸሹ እንስሳትን አዳነ፤ ወደ 10 ሺህ የሚጠጉ። ስለዚያ ሥራ በእንግሊዝኛ መጽሐፍ ተጽፎ በሰፊው ተነበበ። እንስሳ ማዳን መልካም ሥራ ነው፤ እንኳን አዳኑ። ግን ዓለም ስለ አፎባካ የሰማው ስለ ዝንጀሮና ስለ እንቅልፋሙ ስሎዝ ነበር። ከዚያው ውሃ የሸሹት 6000 ሰዎች በዚያ ዘመን ይህን ያህል ጆሮ አላገኙም።

ከዚያ ደግሞ ጦርነቱ መጣ። ከ1986 ጀምሮ የሱሪናም ጦርና የማሩን አማጽያን ሲዋጉ፣ ኅዳር 29 ቀን 1986 ወታደሮች ሞይዋና የተባለችውን የንጁካዎች መንደር ገብተው ቢያንስ 39 ሰዎች ገደሉ። አብዛኞቹ ሴቶችና ሕፃናት ነበሩ። የተረፉት ወደ ፈረንሳይ ጉያና ሸሹ። ሙታናቸውን በሥርዓት መቅበር አልቻሉም፤ ለንጁካ ደግሞ ያልተቀበረ ሙት ለትውልድ የሚተርፍ ዕዳ ነው። የአሜሪካ አገሮች የሰብአዊ መብት ፍርድ ቤት በ2005 በሱሪናም መንግሥት ላይ ሲፈርድ ይህንኑ የሙታን ጉዳይ እንደ ጉዳት ቆጥሮታል። ይህን ያስረዱት በሕይወት የተረፉት ሰዎች ናቸው፤ ቀርበው በቃላቸው ነው።

ቀጥሎም በ2007 በዚያው ፍርድ ቤት ሳማካዎች ራሳቸው ረቱ። በ1990ዎቹ መንግሥት ሳይጠይቃቸው ለእንጨት ቆራጭና ለማዕድን ኩባንያዎች ደናቸውን ሲያድል፣ ሳማካዎች ከመንደር መንደር በታንኳ እየዞሩ ሕዝቡን አደራጁ፤ የአገራቸውንም ካርታ ሠሩ። ክርክሩን ከመሩት ሁለቱ ሰዎች ዋዘን ኤድዋርድስና ሁጎ ጃቢኒ በ2009 ጎልድማን የተባለውን የአካባቢ ጥበቃ ሽልማት ተቀብለዋል። ይህ ወንዝ የማን ነው? ይህን ጅረት ማን አገኘው? እዚህ ቦታ ላይ የተዋጋው ማን ነበር? ዶሮ ሲጮህ ይነገር የነበረው ያ ምሥጢራዊ ታሪክ የነዚህ ጥያቄዎች መልስ ሆኖ ተገኘ። ለአሥርት ዓመታት ከሽማግሌዎቹ ሲሰማና ሲጽፍ የነበረው ሪቻርድ ፕራይስ የተባለው ምሁርም ለፍርድ ቤቱ ባለሙያ ምስክር ሆኗል።

በብራዚልም ነገሩ ተመሳሳይ ነው። የ1988ቱ ሕገ መንግሥት ለአምላጮች ማኅበረሰቦች የያዙት መሬት እንዲጸናላቸው ደነገገ። ያን ጊዜ «የነማን ልጆች ናችሁ?» የሚለው ጥያቄ የመሬት ጥያቄ ሆነ። በዓመቱ፣ በ1989፣ ራኬል ገርበር «ኦሪ» የተባለውን ዘጋቢ ፊልም ስታወጣ በፊልሙ ላይ የምትተርከው ቤያትሪስ ናሲሜንቶ የተባለች ጥቁር የታሪክ ምሁር ነበረች። መንግሥት እነዚህን ማኅበረሰቦች ለብቻቸው የቆጠራቸው ግን ገና በ2022 ነው፤ ከ1.3 ሚሊዮን በላይ ሰዎች ሆነው ተገኙ።

የማይመቸው አንቀጽ

ስለ ጀግንነት ማውራት ደስ ይላል። ሆኖም በ1739ኙም ሆነ በ1762ቱ ውል ውስጥ አንድ መራራ አንቀጽ አለ። ማሩኖች ነፃ ይሆናሉ፤ ነገር ግን ከዚያ ወዲያ አምልጦ የሚመጣባቸውን ባሪያ ለጌታው ይመልሳሉ። በጃማይካ አንዳንዶቹ መልሰዋል፤ ገንዘብም ተከፍሏቸዋል። በደሴቲቱ የሌሎች ባሪያዎች ልጆች ይህን አልረሱትም፤ እስከ ዛሬ በነገር የሚወጋጉበት ጊዜ አለ።

ውሉም ቢሆን ለማሩኖቹ ሁልጊዜ አልጠበቀላቸውም። በ1795 የትሪሎኒ ታውን ማሩኖች ከእንግሊዝ ጋር ተጣልተው ሲዋጉ፣ ጄኔራሉ ከደሴቲቱ አትባረሩም ብሎ ቃል ሰጥቷቸው እጃቸውን ሰጡ። አገረ ገዢው ቃሉን አፍርሶ ከ500 በላይ የሚሆኑትን በ1796 ካናዳ ውስጥ ወዳለችው ብርዳም አገር ኖቫ ስኮሺያ አጋዛቸው። በ1800 ከዚያ ወደ ሴራሊዮን ተሻገሩ፤ አያቶቻቸው ከተወሰዱባት አፍሪካ በሌላ ባንዲራ ሥር ተመለሱ።

የማሩን ተወላጅ የሆነ ፊልም ሠሪ በዚህ አንቀጽ ፊት ሲቆም ይፈተናል። ዝም ቢል ሌላው ይናገርበታል። ቢናገር ከራሱ ሽማግሌዎች ፊት ይከብደዋል። በእኛ እምነት መናገሩ ይሻላል፤ ይልቁንም ሽማግሌዎቹን ራሳቸውን ጠይቆ። አባቶቻቸው ምን አማራጭ እንደነበራቸው፣ ማን እንደመለሰና ማን እንደደበቀ የሚያውቁት እነርሱ ናቸው። ይህን ያልጠየቀ ፊልም ለቱሪስት መሥሪያ ቤት የሚሠራ ማስታወቂያ ይሆናል። በየዓመቱ ጥር 6 ቀን በአኮምፖንግ የሚደረገው በዓል ላይ ቀንዱም ከበሮውም ይሰማል፤ የጎብኚው ካሜራ ብዛትም እንደዚያው ነው። ከዚያ ሁሉ ቀረጻ ውስጥ ስለዚህ አንቀጽ ሽማግሌ የተጠየቀበት ምን ያህል ይሆን?

የማይቀረጸውስ?

አሁን መጀመሪያ ላይ ወዳነሣነው እንመለስ። የሙር ታውን ሰዎች ክሮማንቲን ለውጭ ሰው ሁሉ አያስተምሩም። ሳማካዎችም ከመጀመሪያው ዘመን ታሪክ የሚደብቁት አለ። አንዳንዱ ስም በከንቱ ቢጠራ አደጋ ያመጣል ብለው ያምናሉ። እኛ እምነታቸውን አንጋራም፤ ግን አንድ ሕዝብ የቤቱን የትኛውን በር እንደሚከፍት የመወሰን መብት አለው። ካሜራ የያዘ ሰው ሁሉንም ካልቀረጽኩ ጠፋ ብሎ ሲያስብ ስህተት ላይ ይወድቃል። አንድ ቦታ ላይ «እዚህ አጥፋው» ሲሉት ማጥፋት፣ ያጠፋበትንም ቦታ በፊልሙ ላይ በግልጽ ማሳየት ይቻላል። ተመልካቹ ከዚህ ወዲያ ያልተነገረው ነገር እንዳለ ማወቁ በራሱ እውቀት ነው።

ደግሞም የተቀረጸ ሁሉ ተቀምጧል ማለት አይደለም። ካሴት በሞቃትና እርጥብ አገር ይሻግታል። ፊልም ይኮመጥጣል፣ ይሰባበራል። ዛሬ በኮምፒዩተር ላይ የሚቀመጠውም ቢሆን በየጊዜው ወደ አዲስ ዕቃ ካልተገለበጠ አንድ ቀን የሚከፍተው መሣሪያ ይጠፋል። ከሁሉ በላይ ግን የተናጋሪው ስም፣ የተቀረጸበት ቦታና ቀን አብሮ ካልተጻፈ ድምፁ የማን እንደሆነ የሚያውቅ አይገኝም። ሽማግሌው ሞቱ፤ የቀረጸው ሰው ሄደ፤ ካሴቱ ላይ «ቁጥር 14» ብቻ ተጽፏል።

ሪቻርድ ፕራይስ ከሳማካ ሽማግሌዎች የሰማውን ከፊሉን በ1983 በእንግሊዝኛ አሳተመ። ያ መጽሐፍ በራሱ በሳማካ ቋንቋ የወጣው በ2013 ነው፤ 30 ዓመት ቆይቶ። የተናገሩት ሰዎች በዚያን ጊዜ አብዛኞቹ አልነበሩም። የፊልም ሰው ይህን ያህል መጠበቅ አያስፈልገውም፤ ሰዎቹ በራሳቸው ቋንቋ ከተናገሩ ሥራው ገና ሲወጣ የእነርሱ ነው። «ድንጋዮች ሕግ አላቸው» የሚነገረው በሳማካና በኦካኒሲ ቋንቋዎች ነው። ከሥር የሚጻፈውን ትርጉም ማንበብ የሚያስፈልገው ከውጭ የመጣው ተመልካች ነው።